ሥጋ ጥብስ በፍራፍሬ ሶስ፣ ለጅማ ማዕድ ቤት፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ሥጋ በመጥበሻ ጠብሶ ላዩን ወፈር ባለ የብርቱካን ወይም የአናናስ ሶስ መለበጥ ለምሽት የሚሆን ቀላል እራት ነው። ኦቨን አይጠይቅም። ጨው የነካው ሥጋ ካላችሁ 30 ደቂቃ ይበቃችኋል። ብዙ ጊዜ የሚመጡትን ጥያቄዎች ከነመልሳቸው ከታች ታገኛላችሁ።

ቪዲዮ ላይ ያየሁት በሃም ነው የሚሠራው። ጅማ ላይ በምን ልተካው?

ሃም በጨው የተዘጋጀ የአሳማ የኋላ እግር ሥጋ ነው። አንዳንዱ በጭስም ይታጠናል። ፈረንጅ አገር ሱቅ ውስጥ የሚሸጠው አብዛኛው ቀድሞ የበሰለ ነው። ለዚህ ነው ቪዲዮው ላይ ያለችው ሴትዮ በአሥር ደቂቃ ውስጥ ሳህን ይዛ ብቅ የምትለው። ሥጋውን እያሞቀችው እንጂ እያበሰለችው አይደለም።

እኛ ዘንድ ሙስሊሙም ኦርቶዶክሱም አሳማ አይበላም፤ ስለዚህ ወደ በሬ እንሂድ። ጭቅና ካገኛችሁ ምርጥ ነው፤ ሽንጥም ይሆናል። ወርችና የእግር ሥጋ ለዚህ አይሆኑም። እነሱ ለወጥ ነው የተፈጠሩት፤ በሦስት ደቂቃ ጥብስ አይለሰልሱም።

አሳማውን በበሬ መቀየሩ ቀላል ነው። የሚረሳው ጨው ነው። ሃም ጨውን እስከ ውስጡ ይዞ ይመጣል፤ ጣፋጩ ሶስ የሚጥመውም ከዚያ ጨው ጋር ሲገናኝ ነው። ጨው ያልገባበት ሥጋ ላይ የብርቱካን ሶስ ብታፈሱ ሥጋ በከረሜላ እንደመብላት ይሆናል። ስለዚህ ጨው ቀደም ብሎ፣ ፍራፍሬ መጨረሻ ላይ። ይህን ከያዛችሁ ሌላው ሁሉ እንደየቤታችሁ ነው።

ጨው መቼ ላድርግበት?

ምሽት ላይ የምትጠብሱ ከሆነ ከሰዓት በኋላ ቡናው ሲፈላ ጨው አድርጉበትና ከድናችሁ ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጡት። ለግማሽ ኪሎ ሥጋ ያልተቆለለ አንድ የሻይ ማንኪያ ጨው በቂ ነው። ጨው መጀመሪያ ከሥጋው ውሃ ያወጣል፤ ከቆየ በኋላ ግን ያ ጨዋማ ውሃ ተመልሶ ወደ ውስጥ ይገባል። ለዚህ ቢያንስ 40 ደቂቃ ያስፈልጋል።

ጊዜ ከሌላችሁ ደግሞ ልክ መጥበሻው ላይ ስታሳርፉት አድርጉበት። መጥፎው መሃሉ ነው። ጨው አድርጋችሁ ሩብ ሰዓት ብትጠብቁ ውሃው ሥጋው ላይ አቅርሮ ታገኙታላችሁ፤ መጥበሻ ላይ ሲያርፍ ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም።

ለአራት ሰው ምን ምን ያስፈልጋል?

ግማሽ ኪሎ አጥንት የሌለው ሥጋ፣ የሁለት ወይም የሦስት ብርቱካን ጭማቂ፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ሰናፍጭ፣ ግማሽ ሎሚ ወይም አንድ የሾርባ ማንኪያ አቼቶ፣ ሁለት ፍንካች ነጭ ሽንኩርት፣ ትንሽ ዝንጅብል፣ ዘይት። መጨረሻ ላይ አንድ የሻይ ማንኪያ ቅቤ ብትጨምሩ ሶሱ ያብረቀርቃል። ባትጨምሩም እራታችሁ አይበላሽም።

አሠራሩን ከመጀመሪያው ንገሩኝ።

ሥጋውን አንድ ሴንቲሜትር ያህል ውፍረት እንዲኖረው ቁረጡት። ቃጫው በሚሄድበት አቅጣጫ አይደለም፤ አግድሙን። ለጥብስ እንደምንከትፈው አታድቅቁት፤ የእጅ መዳፍ የሚያክል ጠፍጣፋ ቁራጭ ይሁን። ከዚያ በንጹህ ጨርቅ ወይም በሶፍት ላዩን አድርቁት። ይህን ብዙ ሰው ይዘለዋል። እርጥብ ሥጋ ግን መልክ አያወጣም።

መጥበሻውን በደንብ አግሉት። ዘይቱ ሊጨስ ሲል ሥጋውን ዘርጉበት። ቸስ የሚል ድምፅ ካልሰማችሁ መጥበሻው ገና ነው። አታጨናንቁት፤ ካልበቃ በሁለት ዙር ጥበሱት። ለሁለት ደቂቃ ተኩል ወይም ለሦስት ደቂቃ አትንኩት። ገልብጡትና ሌላውን ጎን ያንኑ ያህል ጥበሱ። ሳህን ላይ አውጥታችሁ ክደኑት።

አሁን እሳቱን ወደ መካከለኛ ዝቅ አድርጉ። መጥበሻው ውስጥ ስቡ ከበዛ ቀንሱለት፤ የተጣበቀውን ቡናማ ነገር ግን እንዳትጠርጉት። የሶሱ ግማሽ ጣዕም እዚያ ውስጥ ነው። ነጭ ሽንኩርቱንና ዝንጅብሉን ለግማሽ ደቂቃ አቁላሉ፤ ከዚያ የብርቱካኑን ጭማቂ አፍስሱበትና በእንጨት ማማሰያ ታችኛውን ፋቁት። ማሩንና ሰናፍጩን ጨምሩ። ከአምስት እስከ ስምንት ደቂቃ ይንተክተክ። ማንኪያ ነክራችሁ ጀርባው ላይ ጣታችሁን አስኪዱ፤ የሠራችሁት መስመር ካልተዘጋ ደርሷል።

ሥጋውን፣ ሳህኑ ላይ ከወጣው ፈሳሽ ጭምር፣ ወደ መጥበሻው መልሱት። አንድ ደቂቃ እያገላበጣችሁ ሶሱን አልብሱት። ሎሚውን ወይም አቼቶውን በመጨረሻ ጨምሩ፤ ቅመሱ፤ አውርዱ።

ፍራፍሬውን ከሥጋው ጋር አብሬ ብጨምረውስ? ጊዜ ይቆጥብልኛል።

አይቆጥብም። ጭማቂው ውሃ ነው፤ ውሃ ባለበት ሥጋ አይጠበስም። ውሃው ሲያልቅ ደግሞ ስኳሩ ብቻውን ይቀርና ሥጋው ሳይበስል ያራል። ውጤቱ ውጪው መራራ፣ ውስጡ ግራጫ ይሆናል።

የትኛው ፍራፍሬ ይሻላል?

ለጀማሪ ብርቱካን። ጣፋጭም ኮምጣጣም ነው፤ እኩል ይወፍራል። ልጣጩን አጥባችሁ ቀጭኑን ብርቱካናማ ሽፋን ብቻ በመፈግፈጊያ ትንሽ ጨምሩበት፤ ሽታው ከጭማቂው ይበልጣል። ነጩን ክፍል አትንኩ፤ ይመራል።

አናናስ የሃም የድሮ ጓደኛ ነው፤ ፈረንጆቹ ክብ ክቡን ቆርጠው ሥጋው ላይ ይደረድሩታል። የእኛ ምዕራብና ደቡብ ደግሞ አናናስ ያበቅላል፤ ትኩስ ማግኘት አይቸግርም። ግን አንድ ጥንቃቄ ይፈልጋል። ጥሬ አናናስ ውስጥ ብሮሜሊን የሚባል ፕሮቲን የሚሰባብር ንጥረ ነገር አለ። ጠንካራ ሥጋ ለሩብ ሰዓት ብትነክሩበት ያለሰልስላችኋል። ከጠዋት ነክራችሁት ማታ ብትመለሱ ግን ሥጋው ላዩ ገንፎ ሆኖ ይጠብቃችኋል። ሲፈላ ይህ ኃይሉ ይጠፋል፤ ስለዚህ ለሶስነቱ ምንም ችግር የለውም። የቆርቆሮውም አናናስ በሙቀት ያለፈ ስለሆነ ሥጋ አያለሰልስም፣ አያፈርስምም።

ፓፓያም ተመሳሳይ ባሕርይ አለው፤ በተለይ ያልበሰለው። የበሰለው ፓፓያ ግን ለሶስ ልፍስፍስ ነው፤ ኮምጣጣነት ይጎድለዋል። እኔ አልመርጠውም።

ማንጎ ወቅቱ ሲሆን ግሩም ነው። ራሱ ወፍራም ስለሆነ ብዙ ማፍላት አይፈልግም። ፈጭታችሁ ወይም በሹካ ደፍጥጣችሁ ግማሽ ብርጭቆ ውሃ ጨምሩበት፤ ሎሚውን ከፍ አድርጉት። ዘይቱን (ጉዋቫ) ደግሞ ሰው ይንቀዋል እንጂ ለዚህ ሥራ ጥሩ ነው፤ ፍሬውን በወንፊት ማጣራት ግን ግድ ነው። ሙዝ አይሆንም። ሲሞቅ ይጠቁራል፤ ሥጋ ላይም ይለጠፋል።

ፍራፍሬ ከሌለ? አንድ ትልቅ ማንኪያ የብርቱካን ወይም የእንጆሪ ማርማላታ በግማሽ ብርጭቆ ውሃ በጥብጡ። ያን ጊዜ ማሩን ተዉት።

የጅማ ማር ልጠቀም ወይስ ስኳር?

ማር ቤት ካለ ለምን ስኳር? የጫካ ማር የራሱ ጣዕም አለው፤ ሶሱ ውስጥ ይታወቃል። ሁሉም ማር ግን አንድ አይደለም። ከግራዋ አበባ የተሠራው ጠቆር ይላል፣ መረር ይላል። ለሥጋ እንዲያውም እሱ ይስማማዋል፤ ጣፋጭነቱ አይጮህም። ከገበያ የመጣው ሰፈፍ ካለበት ለብ አድርጋችሁ ላዩን ግፈፉት ወይም አጥልሉት። ሰፈፉ ሶሱ ውስጥ ከገባ ሲበርድ ላንቃ ላይ ይለጠፋል።

ዓመት ያልሞላው ሕፃን ማር ያለበትን ነገር አይቅመስ። ቢበስልም ያው ነው። ማር ውስጥ ለሕፃን አደገኛ የሆነ የባክቴሪያ ዘር ሊኖር ይችላል፤ የወጥ ቤት እሳት አይገድለውም።

ምን ቅመም ይገባበታል?

ሃም ላይ ልማዱ ቅርንፉድ ነው፤ እንደ ምስማር ይሰኩበታል። ቅርንፉድ ኃይለኛ ስለሆነ ለዚህ መጠን አንድ ፍሬ ወቅጣችሁ ጨምሩ፤ ሁለት አትበሉ። እኔ ግን ለኮረሪማ አደላለሁ። አገሩ እዚሁ ምዕራቡ ነው፤ ከብርቱካን ጋር ደግሞ በጣም ይዋደዳል። ሦስት አራት ፍሬውን ከቅርፊቱ አውጥታችሁ ውቀጡና ሶሱ ሊወርድ ሲል ነስንሱ። ሂርማታ ከአባ ጅፋር ዘመን ጀምሮ የሐሙስ ገበያ ቦታ ናት፤ ሐሙስ ብቅ ካላችሁ ሳይፈለፈል ከነቅርፊቱ ግዙ። የተፈጨው ሽታው ቶሎ ይሄዳል።

ሰናፍጭን አትዝለሉ። ፈረንጆቹም ለሃም ሶስ የሚጨምሩት የራሳቸው ሰናፍጭ አላቸው። የእኛ አፍንጫ ድረስ ይወጣል፤ ስለዚህ በሻይ ማንኪያ ጀምሩ። ሲፈላ ኃይሉ ይበርዳል፤ ማቃጠሉን የሚወድ ሰው ሶሱ ከወረደ በኋላ ይጨምር።

ሚጥሚጣ ለሚወድ ቁንጥር። በርበሬ ብዙ ከገባ ግን ሌላ ምግብ ይሆናል። ጥሩ ምግብ ነው፤ ግን ሌላ ነው።

ጅማ ላይ ሆኜ ቡና ብጨምርበት ይቀልዱብኛል?

ቀልደው ይቀምሱታል። በአሜሪካ ደቡብ ከተጠበሰ ሃም በወጣው ስብ ላይ ቡና አፍስሰው መረቅ የሚሠሩ ሰዎች አሉ፤ የቆየ ልማድ ነው። የቡናው ምሬት የማሩን ጣፋጭነት ይገታዋል። ከቶናው የአንድ ሲኒ ሩብ ያህል፣ አተላው ሳይገባ፣ ከብርቱካኑ ጭማቂ ጋር አፍስሱ። አቦሉ ይከብዳል፤ ብርቱካኑን ይውጠዋል። ጨው የገባበት ቡና የሚፈላበት ቤት ከሆነ ሶሱን ሳትቀምሱ ጨው አትድገሙ።

ሥጋዬ ለምን ይጠነክራል?

አብዛኛውን ጊዜ ከሦስቱ አንዱ ነው። ወይ የሥጋው ክፍል ትክክል አይደለም፣ ወይ በቃጫው አቅጣጫ ተቆርጧል፣ ወይ ሶሱ እስኪወፍር ሥጋው መጥበሻው ውስጥ ቆይቷል። ሦስተኛው ከሁሉም ይበዛል። ሶሱ ሲወፍር ሥጋው ሳህን ላይ መሆን አለበት።

ያላችሁ ጠንካራ ሥጋ ብቻ ከሆነ መንገዱን ቀይሩ። መጀመሪያ ቀቅሉት፣ ከዚያ ጥበሱት፣ ከዚያ ሶስ። እዚህ ላይ የጅማ ከፍታም ይገባል። ከተማዋ ከባሕር ወለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ናት፤ ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ94 ዲግሪ አካባቢ ነው። ስለዚህ ቆላ ከሚኖር ዘመድ የሰማችሁት የመቀቀያ ሰዓት እዚህ አይበቃም። ፕሬዠር ድስት ካላችሁ አውጡት። ይህ ግን ፈጣን እራት መሆኑ ይቀራል።

በዶሮ ይሆናል?

በፈረንጅ ዶሮ ደረት በጣም ይሆናል። የሐበሻ ዶሮ ለዚህ ጊዜ አይበቃውም፤ እሱን ለወጥ ተዉት። ደረቱን በቁመቱ ለሁለት ሰንጥቁና አሳሱት። እያንዳንዱን ጎን አራት ደቂቃ ያህል። ወፍራሙን ቦታ ቁረጡና እዩ፤ ሮዝ ከሆነ ገና ነው። ቴርሞሜትር ያለው ሰው መሃሉ 74 ዲግሪ ሲደርስ ያውጣ። በሬ ላይ ለብ ለብ የሚወድ ይኖራል፤ ዶሮ ላይ ግን ለብ ለብ የለም።

ቋንጣስ? ሞርታዴላስ?

ቋንጣ አይሆንም፤ ደርቋል፤ ሶሱን ይጠጣና ያው ደረቅ ይቀራል። የበሬ ሞርታዴላ ካገኛችሁ ግን ለሃም የሚቀርበው እሱ ነው። ጨዋማ ነው፣ በስሏል። ወፈር አድርጋችሁ ቁረጡት፣ ሁለቱንም ጎን አንድ አንድ ደቂቃ ጥበሱ፣ ሶስ አልብሱ። ጨው ምንም አትጨምሩ። ከምን ሥጋ እንደተሠራ ግን ማሸጊያውን አንብቡ።

ሙስሊምና ክርስቲያን እንግዳ በአንድ ማዕድ ቢቀርቡስ?

ጅማ ላይ ይህ የየሳምንቱ ጥያቄ ነው። ሥጋ ቤቱ ላይ ጨረቃ ወይም መስቀል ማየት ለምደናል፤ ያረደው ማን እንደሆነ ሳይታወቅ የሚበላ ጥቂት ነው። ሁለት ዓይነት ሥጋ ገዝታችሁ በሁለት መጥበሻ፣ በሁለት ማማሰያ መሥራት ትችላላችሁ፤ ሶሱን ለየብቻ ማድረግ እንዳትረሱ። አድካሚ ነው።

የሚቀለው ዓሣ ነው። ዓሣ የማን ቢላ እንደነካው የሚጠይቅ የለም። ከግልገል ጊቤ ግድብ የሚወጣ ዓሣ አለ፤ ቆሮሶ ካገኛችሁ አጥንቱን አስወጡ፣ ጨውና ትንሽ ዱቄት ነስንሱበት፣ በእያንዳንዱ ጎን ሁለት ሦስት ደቂቃ ጥበሱ። ዓሣው ይፈራርሳልና ሶሱ ውስጥ አትመልሱት፤ ሳህን ላይ ሆኖ ሶሱን ከላይ አፍስሱለት። ብርቱካንና ዝንጅብል ከዓሣ ጋር ከበሬውም በላይ ይስማማሉ፤ ይህን ሳትሞክሩ አትከራከሩኝ።

የአንዳንድ ቪዲዮ አሠራር የወይን ጠጅ ይጨምራል። በብርቱካንና በአቼቶ ተኩት፤ ምንም አይጎድልበትም።

ረቡዕና ዓርብስ?

እንጉዳይ ካለ እንጉዳይ። ከሌለ ዱባ ወይም ጎደሬ። ጎደሬውን መጀመሪያ በደንብ ቀቅሉት፤ ጥሬው አፍና ጉሮሮ ያሳክካል። ከዚያ ቆራርጣችሁ በዘይት ጥበሱት፣ ቅቤ የሌለበትን ሶስ አልብሱት። ጾመኛ ሰናፍጭ ስለለመደ እዚህ ላይ እጃችሁን መፍታት ትችላላችሁ።

መብራት ጠፋ። በከሰል ይሠራል?

ይሠራል፤ ሥጋው እንዲያውም ይሻላል። ችግሩ ሶሱ ነው። ከሰል ዝቅ የሚል ቁልፍ የለውም። ሥጋውን በጋለው ፍም ጥበሱ፤ ለሶሱ ግን ፍሙን ወደ ዳር በትኑት ወይም ላዩን አመድ አልብሱት። መጥበሻው ስስ ከሆነ እያነሳችሁ እያስቀመጣችሁ ሥሩ። ከሰሉ ደጅ ወይም በረንዳ ላይ ይሁን፤ ዝናብ ነው ብላችሁ ዝግ ቤት ውስጥ አታስገቡት። ጭሱ ባይታይም ይገድላል።

ሶሱ አልወፍር አለኝ።

መጥበሻው ጠባብ ነው ወይ እሳቱ አንሷል። ሰፊ መጥበሻ ቶሎ ያተናል። ካስቸኮላችሁ አንድ የሻይ ማንኪያ የበቆሎ ስታርች በቀዝቃዛ ውሃ በጥብጣችሁ ጨምሩ። ሲበርድም ይበልጥ እንደሚወፍር አትርሱ፤ ብዙ ሰው እሳት ላይ ሳለ አብዝቶ ያወፍረውና ማዕድ ላይ ሙጫ ያቀርባል። ያ ከደረሰባችሁ ሁለት ማንኪያ ሙቅ ውሃ ይፈታዋል።

ጠቁሮ ከመረረ ግን አይድንም። ማር ብትጨምሩ ጣፋጭ መራራ ነው የሚሆነው። ድፉትና አዲስ ብርቱካን ጭመቁ።

ከምን ጋር ይቀርባል?

ነጭ ሩዝ፣ የተቀቀለ ድንች ወይም ዳቦ። ከእንጀራ ጋር አልወደውም፤ እንጀራው ኮምጣጣ፣ ሶሱ ኮምጣጣ፣ ይጋፋሉ። ቤተሰቡ ያለ እንጀራ አልጠገብኩም ካለ ሎሚውን ቀንሱለት። አጠገቡ ጥሬ ነገር ይኑር፤ ጥቅል ጎመን በቀጭኑ ተከትፎ በጨውና በሎሚ ቢታሽ ይበቃል።

የተረፈውን ለነገ ማቆየት ይቻላል?

ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ ሳይቆይ ፍሪጅ ከገባ ሦስት ቀን ይቆያል። ስታሞቁት ሁለት ማንኪያ ውሃ ጨምሩና በዝግታ። ቀዝቃዛውንም ከሰናፍጭ ጋር ዳቦ ውስጥ አድርጎ ለልጆች ምሳ መቋጠር ይቻላል፤ ከማግስቱ ወጥ ይልቅ ይህ ነው ቶሎ የሚያልቀው።

መጥበሻው ላይ የተጋገረው ስኳር አልለቅ አለኝ።

በሽቦ አትፈትጉት፣ በተለይ ምግብ የማይዘውን (ኖንስቲክ) ዓይነት። ታችኛውን የሚሸፍን ውሃ ጨምራችሁ መልሳችሁ እሳት ላይ ጣዱት። ስኳር በፈላ ውሃ ይሟሟል። አምስት ደቂቃ ይፍላ፤ በማማሰያው ፋቅ ፋቅ አድርጉት። ካልለቀቀ አንድ ማንኪያ ሶዳ ጨምሩበትና አሳድሩት።